እማማ የጸለዩበት ዘይት

ውድ እህቴ ናዝሪዬ፣ እንዴት ከርመሻል? ጤናሽ እንዴት ነው? ጉልበትሽስ፣ ደረጃ ስወጣ ይቆረጥመኛል ያልሽው፣ ተሻለሽ? የምትንከባከቢያቸው አሮጊቶችስ እንዴት ናቸው? ያቺ ስምሽን መያዝ አቅቷት ናታሻ የምትልሽስ አለች? ዙሪክ በረዶ ጣለ ሲሉ ሰምቼ፣ ቀዩን ካፖርቷን አውጥታ ይሆን እያልኩ ሳስብሽ ዋልኩ። እኛማ ከናፍቆትሽ በቀር ደኅና ነን ብዬ ልቀጥል ነበር። ግን ይህ ደብዳቤ ደኅና ነን ለማለት የተጻፈ አይደለም፤ ሰላምታዬን ተቀብለሽ፣ ቁጭ ብለሽ አንብቢው።

በዚህ ዘመን ደብዳቤ ምን አመጣው እንዳትዪ። ስልኬን ሄቨን ናት የምትይዘው፤ የድምፅ መልእክት ብትልኪልኝ ልጄ ከእኔ ቀድማ ትሰማዋለች። የቤታችንን ግድግዳ ደግሞ ታውቂዋለሽ፣ በዚህ በኩል ላስነጠሰ በዚያ በኩል ይማርህ ይባላል። ስለዚህ ሊያገባ የመጣው ቀዳማዊ ነገ ማታ ወደ አንቺ ሲበር በእጁ እንዲሰጥሽ አስቤያለሁ። ሠርጉ ደግሞ እንዴት አምሮ ነበር መሰለሽ። ሙሽራዋን የሠራኋት እኔ ነኝ፣ እዚሁ ፀጉር ቤቴ ድረስ መጥታ። የሙሽራዋ እናት እስከ ዛሬ አኩርፋኛለች። ኤቢሴ ዱሮ ሙሽራ ቤት ሄዳ ትሠራ ነበር፣ አሁን ኮራች ብላ ለሰፈሩ ሁሉ አውርታለች። እኔም ኮራሁ መባሉን ወደድኩት። እውነቱ ከሚወጣ ኩራቱ ይሻለኛል።

እውነቱን አንቺ ብቻ ነሽ የምታውቂው፣ እሱንም ግማሹን። በፋሲካ ማግስት ከዘነበወርቅ ወደ አየር ጤና በሚኒባስ ስመለስ፣ መንገዱ ተቆፍሮ ቆምን። እኔ የኋላው ወንበር ጥግ ላይ ተወሽቄያለሁ። ትንፋሼ አልወጣ አለኝ። ወራጅ አለ ልል አፌን ብከፍት ድምፅ የለም። ልቤ ጆሮዬ ውስጥ ነበር የሚመታው፤ እዚያው የምሞት መሰለኝ። ከዚያ ቀን ወዲህ ታክሲ አልገባሁም። መጀመሪያ የቀረው ታክሲው ብቻ ነበር፤ ቀጥሎ ገበያው ቀረ፣ ቀጥሎ ቤተ ክርስቲያን፣ አሁን ከፌርማታው ማዶ ያለው ሱቅ ድረስ እንኳ አልሄድም። የሚገርምሽ ያወቀብኝ ሰው የለም። ፀጉር ቤቱ ከግቢው በር ጋር የተያያዘ ነው፣ ደንበኛው እሱ ራሱ ይመጣል። ማን ሠራተኛዋን እንዳባረረች፣ የቤቴሏ ሴትዮ ከምራቷ ጋር ለምን እንደተዘጋጉ፣ ሁሉን ከፀጉር ማድረቂያው ካስክ አጠገብ ቆሜ እሰማለሁ። የኮልፌን ወሬ ሁሉ አውቃለሁ፣ ኮልፌን ካየሁ ግን ሰባት ወሬ ነው።

ጌድዮን እንደምታውቂው መቱ የመንገድ ሥራ ላይ ነው። በሁለት ወር አንዴ ሲመጣ ሥራ በዛብኝ እለዋለሁ፣ ያምነኛል። አብረውን የሚኖሩት እናቱ ናቸው። እማማ ዋጋነሽ እሑድ እሑድ መቅረቴን አይተው፣ ልጄ በእምነቷ ቀዘቀዘች ብለው በጣም አዝነውብኝ ነበር። አልተቆጡኝም። ማለዳ ስሜን እየጠሩ ሲጸልዩልኝ በግድግዳው እሰማቸው ነበር። እሱ ከቁጣ ይብሳል።

ዘይቱን በቀዳማዊ ሻንጣ የላክሽልኝ ይህን ጊዜ ነው። ጠዋት ጠዋት አምስት ጠብታ ከምላስሽ ሥር አድርገሽ ደቂቃ ያህል ያዢው፣ ሲቢዲ ይባላል፣ እዚህ ሰው ለጭንቀት ይወስደዋል፣ አያሰክርም ብለሽ የጻፍሽልኝ ወረቀት እስካሁን አለ። ጠርሙሷ ላይ ግን ቅጠሏ ተሥላለች። ያቺን የሐሺሽ ቅጠል አየር ጤና ያለ ጎረምሳ ሁሉ ቲሸርቱ ላይ ይዟት ይዞራል፤ እማማ እንኳ ያውቋታል። በጥፍሬ ፍቄ የጠርሙሷን ወረቀት ከነጽሑፉ ላጥኩት። ጀርመንኛ ነው፣ የማላነበው ነገር ቢጠፋ ምን ይጎድልብኛል አልኩ። ከዚያ ከፀጉር ቅባቶቹ መሐል አቆምኳት።

ረዳሽ ወይ ካልሽኝ፣ አልዋሽሽም፣ ትንሽ ረድቶኛል መሰለኝ። እንቅልፌ ተስተካከለ፣ እጄ መንቀጥቀጡን ቀነሰ። የዘይቱ ይሁን የአንቺ ማሰብ፣ አልለየሁትም። ከግቢው በር ግን አላሻገረኝም። በሩን ከፍቼ ቆሜ መንገዱን አየዋለሁ፣ ከዚያ እዘጋዋለሁ።

አሁን የሆነውን ስሚ። ደንበኛ ሳይመጣ ዘይቱን ከምላሴ ሥር አድርጌ፣ ዐይኔን ጨፍኜ፣ አቀርቅሬ እስከ ስድሳ እቆጥራለሁ። ከንፈሬ ይንቀሳቀሳል። ለካ እማማ በመጋረጃው በኩል ያዩኛል። ዘይት ይዞ፣ ዐይኑን ጨፍኖ፣ ከንፈሩን የሚያንቀሳቅስ ሰው ለእሳቸው ምን ይመስላል? የተጸለየበት ዘይት ነው፣ ናዝራዊት ከአንድ አገልጋይ ተቀብላ ልካላት ነው ብለው አመኑ። ልጄ ተመለሰች ብለው ደስ አላቸው። ሰሞኑን ለምን እንደሚስሙኝ፣ ለምን ቁርሴን ራሳቸው እንደሚያቀርቡልኝ አልገባኝም ነበር። ከዚያ እሳቸውም እኔ ከፀጉር ቤቱ ወደ ቤት ስገባ ጠብቀው ይወስዱ ጀመር። እኔ አምስት ጠብታ ነው፤ እሳቸው ማንጠባጠቢያዋን እስከ አፏ ሞልተው፣ በእምነት፣ ለልባቸው።

የእሳቸውን ልብ ደግሞ ታውቂያለሽ። ቫልቩ ከተቀየረላቸው ስድስት ዓመት ሆኗል፣ የደም ማቅጠኛ ኪኒን በየቀኑ ይወስዳሉ፣ በየወሩ ዘነበወርቅ ሆስፒታል ሄደው የደማቸውን ቅጥነት ይለካሉ። በጥቅምት መጨረሻ ደማቸው ከሚገባው በላይ ቀጥኗል ተባለ። ሐኪሙ አዲስ የጀመሩት ነገር አለ ወይ፣ ዳማከሴ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ የባህል መድኃኒት ብሎ አንድ በአንድ ጠየቃቸው። ምንም የለም አሉት። አልዋሹም። ጸሎትን ከመድኃኒት ማን ይቆጥራል? ኪኒኑን ቀነሰላቸው፣ ተመለሱ፣ ዘይቱን ቀጠሉ።

ባለፈው ሐሙስ ባኞ ቤት ከእሳቸው ኋላ ስገባ የእጅ መታጠቢያው ከድዳቸው በወጣ ደም ቀይ ሆኖ አየሁ። ክንዳቸው ላይ ቀለም የተደፋበት የመሰለ ጥቁር ነገር አለ። ምን ሆነው ነው ብላቸው በር መታኝ አሉኝ። ዓርብ ጠዋት ፀጉር ቤቱን ልከፍት ስገባ ከመደርደሪያው ፊት ቆመዋል፣ ጠርሙሷ በእጃቸው፣ ዐይናቸው ተጨፍኗል። ሲያዩኝ አልደነገጡም። ፈገግ አሉና፣ "ልጄ፣ ብቻሽን እንዳትሆኚ ብዬ እኮ ነው" አሉኝ።

ያን ሰዓት ሃፊዛ መጣች። አየር ጤና ፋርማሲ የምትሠራ ደንበኛዬ ናት፤ ወንድ ስለማይገባብኝ ሻሿን ፈታ የምትቀመጠው እኔ ጋ ነው። ሹሩባዋን እየጎነጎንኩ፣ አንዲት ደንበኛዬ አለች ብዬ ጀመርኩ፤ ከውጭ ሲቢዲ የሚባል ዘይት ተልኮላት ለጭንቀት ትወስዳለች አልኳት። ሃፊዛ ወሬ አትጠላም፤ የቤቴሏ ናት አይደል፣ ፊቷ ይናገራል እያለች ሳቀች። አማቷም ሳታውቅ ትወስደዋለች ስላት አሁንም ሳቀች። አማቷ ደግሞ የደም ማቅጠኛ አላት ስል ከወንበሩ ተነሣች፣ ጉንጉኑ በእጄ እንደተያዘ።

ጥያቄው ያሰክራል አያሰክርም አይደለም አለችኝ። ጉበት ያንን ኪኒን እየፈጨ የሚያስወግድበትን መንገድ ይህ ዘይት ይዘጋበታል፤ ኪኒኑ ሰውነት ውስጥ ይጠራቀማል፣ ከዚያ ሰው ከውስጥ ሊደማ ይችላል። የደም ማቅጠኛ ብቻ አይደለም፣ የሚጥል በሽታ መድኃኒትና የእንቅልፍ ኪኒን ከሚወስድ ሰው ጋርም አይስማማም፤ ነፍሰ ጡርና የምታጠባ ሴት አይነኩትም፤ የጉበት ሕመም ያለበትም እንዲሁ። የሚወስድ ሰው አስቀድሞ ለሐኪሙ ይነግራል፣ ከትንሽ ይጀምራል፣ ድብታ ስለሚያመጣ መኪና አይነዳበትም፣ ቆልፎ ያስቀምጠዋል። ጠርሙሱ ላይ ምን ያህል እንዳለበትና መመርመሩ ካልተጻፈ ምን እንደዋጥሽ አታውቂም አለች። እዚህ አገር ደግሞ ከዚያ ተክል የተሠራን ነገር መያዝ ራሱ ሊያስጠይቅ ይችላል። እኔ የቀዳማዊ ሻንጣ ታየኝ፤ ልጁ እኮ የያዘው የፀጉር ቅባት ነው ብለሽው ነው፤ ሙሽራው ከአውሮፕላን ወርዶ ጣቢያ ሊያድር ነበር። "ጽሑፉ ምን ይላል፣ ወረቀቱ የታለ?" አለችኝ። ላጥኩት አልኳት። "ላጥኩት? ደንበኛዬ ናት አላልሽም?"

ከዚያ ለእማማ መንገር ነበረብኝ። አስቀመጥኳቸውና ሁሉን ነገርኳቸው፤ ዘይቱ የጸሎት እንዳልሆነ፣ ከምን ተክል እንደተሠራ፣ ከግቢ መውጣት ካቃተኝ ስንት ጊዜ እንደሆነ፣ ዐይኔን የምጨፍነው ደቂቃ ለመቁጠር እንደሆነ። ቅጠሉን ስነግራቸው ይጮኻሉ ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ቅጠሉን ትተው፣ እስከ ስንት ነው የምትቆጥሪው አሉኝ። እስከ ስድሳ አልኳቸው። "እኔ አብረን የምንጸልይ መስሎኝ ነበር" አሉ። ናዝሪ፣ ቢመቱኝ ይሻለኝ ነበር።

ሃፊዛ ለሐኪሙ የሚሰጥ ጻፊ አለችኝ፤ የዘይቱን ስም፣ በቀን ስንት፣ ከመቼ ጀምሮ። ጻፍኩ። ከሥሩ ደግሞ፣ ዘይቱ የእኔ ነው፣ ከቤት መውጣት ስለማልችል ነው የምወስደው፣ አብሬ ካልደረስኩም በዚሁ ምክንያት ነው ብዬ ጨመርኩ። ሃፊዛ ግማሽ ፀጉሯ ሳይሠራ በሻሿ ሸፍና መኪና ጠራች። እኔም ገባሁ። እማማን መሐል አስቀምጠን፣ እጃቸውን ይዤ ገባሁ። በሩ ተዘጋ። የአየር ጤና አደባባይ ጋ ሳንደርስ ሰውነቴ ሁሉ በላብ ታጠበ፣ መስኮቱ ወደ ፊቴ የሚመጣ መሰለኝ፤ አውርዱኝ ብዬ ጮኽኩ። እማማ እጄን ለቀቁኝ። አጥር አጥሩን እየተደገፍኩ ቤቴ ገባሁና፣ እሳቸው እስኪመለሱ ካስኩ ሥር ተቀምጬ ዋልኩ።

እግዚአብሔር ይመስገን ተርፈዋል። እስከ ማታ አቆይተው አዩዋቸው፣ ኪኒኑን ሁለት ቀን አዘለሏቸው። ዛሬ ጠዋት ቤቴል ያለ ክሊኒክ ለምርመራ ደም ሰጥተው የደማቸው መቅጠን ቀንሷል ተብለዋል፣ ድዳቸውም አይደማም። ሐሙስ እንደገና ሐኪሙ ጋ ይቀርባሉ። ጠርሙሷን ሃፊዛ ወስዳታለች። ዓርብ ማታ እማማ የጻፍኩትን ወረቀት መለሱልኝ። ጀርባው ላይ ሐኪሙ በዚያ በሚታወቀው የሐኪም እጅ ጽፎበታል፤ ይህን የጻፈችው ሴት ሐሙስ አብራ ትምጣ፣ እንዲህ ላለ ጭንቀት የምታነጋግራት ባለሙያ አለች፣ ይህ ሕመም ይታከማል ይላል። እማማ ምን ይላል አሉኝ። የኪኒን አወሳሰድ ነው አልኳቸው። ወረቀቱ ይኸው ሦስት ቀኑ፣ በመሳቢያዬ ውስጥ ነው።

ስለዚህ ሌላ ጠርሙስ አትላኪልኝ። አልወቅስሽም፣ ለእኔ ብለሽ ነው። ይህ ደብዳቤ ሲደርስሽ ሐሙስ ሊያልፍ ነው፤ ሄድሽ ወይ ብለሽ እኔን አትጠይቂኝ፣ እኔ ማመካኛ አላጣም።

በይ ሰላምታው ይድረስሽ። ሄቨን አክስቴን ሁለት ጊዜ ሳሚልኝ ብላለች፤ አራተኛ ክፍል ገብታለች፣ ቁመቷ እኔን ሊደርስ ነው። ጌድዮን ትናንት ሲደውል አንቺን ሳያነሣ አልዘጋም። ሃፊዛ ሳታውቅሽ ሰላም በያት ብላለች፤ ለሰው መድኃኒት ከመላክሽ በፊት እዚያ ቤት ማን ምን እንደሚወስድ ጠይቂ ብላለች፣ እንዳለችው ነው የጻፍኩት። እማማ ዋጋነሽ እዚሁ ፊት ለፊቴ ጎመን እየቀነጠሱ ነው። ለናዝራዊት ምን ልበልልዎት አልኳቸው። ቀና ሳይሉ፣ "ሐሙስ በእግራችን እንደምንሄድ ጻፊላት" አሉኝ። ለካ ሐኪሙ ያንን የጻፈው ጮክ ብሎ እየነገራቸው ነው። ሦስት ቀን ሙሉ እኔ እስክነግራቸው ሲጠብቁ ኖረዋል። "የእኔም ልብ በየፌርማታው ካላረፈ አይሄድም፣ ስናርፍ ስናርፍ እንደርሳለን" አሉኝ። ጎመኑን አስቀምጠው አሁን መልሴን እየጠበቁ ያዩኛል፤ እኔ ገና ከወረቀቱ ቀና አላልኩም።

የምትወድሽ እህትሽ ኤቢሴ
ኮልፌ ቀራኒዮ፣ አየር ጤና
ሰኞ፣ ኅዳር 15 ቀን 2018 ዓ.ም.