በሶፊ ፊልም ያለቀስኩበት ቀን

ሐሙስ፣ ሰኔ 12 ቀን 2017 ዓ.ም.
ኮልፌ ቀራንዮ

ለምወድሽ ለእትዬ፣

እንደምን ሰነበትሽልኝ? ጉልበትሽ ተሻለሽ? ጅማም እንደዚህ ቀኑን ሙሉ ይዘንባል? እኔ ጤናዬ ደህና ነው፤ ሐሳቤ ነው የተምታታብኝ። ቤት ውስጥ ያለነው እኔና ጎረቤቴ ሃፊዛ ነን። ቤቷ ግድግዳ ለግድግዳ ሆኖ ሳለ «ዛሬ አንቺ ጋ ነው የማድረው» ብላ ተኝታለች። ስልኬንም ቻርጅ ላድርግልሽ ብላ ወስዳ አልመለሰችልኝም፤ ለዚህ ነው የምጽፍልሽ።

ሳትስቂ ስሚኝ፤ ተዋናይ ሆኜልሻለሁ። የቤቴሏ ሶፊ ከጓደኞቿ ጋር በራሷ ገንዘብ ፊልም እየሠራች ነው። «ዝም ሲሉ ፊትዎ ያወራል» አለችኝ። ልጇ ባሕር ሲሻገር የሞተባት እናት ነኝ። የእኔው ልጅ ደሜም በጅቡቲ በኩል ከሄደ ወዲህ ድምፁ ስለጠፋ እምቢ ልል ነበር። «በፊልም የሞተ በውን ዕድሜው ይረዝማል፤ ሂጂ አንቺ!» ብላ የገፋችኝ ሃፊዛ ናት።

ዛሬ ማለዳ መርዶው የሚነገርበትን ቦታ ቀረጹ። ነጋሪው የእድራችን ዳኛ አባባ ገብረወልድ ናቸው። ባለፈው ሳምንት ልምምድ ላይ «እንባ ከየት ላምጣ፣ ሽንኩርት ግዙልኝ» እያሉ ሲያስቁን የነበሩት ሰው ዛሬ ፊቴን ማየት አቃታቸው። «ልጅሽ ወዬሳ» ማለት ሲገባቸው «ልጅሽ ደሜ» አሉና ቆሙ።

ሶፊ «አባባ፣ ወዬሳ ነው! እንደገና!» አለች። እሳቸው ግን ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፍነው ተንሰቀሰቁ። ከኋላ እንድታልፍ ብቻ የተነገራት ሃፊዛ ሮጣ ወገቤን ያዘችኝ። እኔም አለቀስኩ፤ ለወዬሳ ይሁን ለማን እንጃ። ሶፊ ግራ ገብቷት ካሜራውን አስጠፋችና «የእርስዎ ክፍል እዚህ ላይ ይበቃል» አለች። ተዋናይነቴ በአንድ ማለዳ አለቀ። ምን አጥፍቼ ነው? ልጆቹ ከእድር የተዋሱትን ድንኳን ሊነቅሉ ሲሉ ደግሞ አባባ ገብረወልድ «ተዉት፣ ይቆይ» አሏቸው። ለምን እንደሚቆይ የነገረኝ የለም።

እትዬ፣ ስለ ደሜ የሰማሽው ካለ አትደብቂኝ። ሾፌሩን መዝገቡን ጅማ ለአንቺ ደብዳቤ አድርስልኝ ስለው «እሳቸው እኮ መንገድ ላይ ናቸው» ብሎ ደነገጠና መኪናውን አስነስቶ ሄደ። በዓል የለ፣ ምን ሊያመጣሽ ነው? አላመንኩትም፤ ይኸው ጻፍኩ።

ዓርብ። ገና ጎህ መቅደዱ ነው። ተነሳሁ፤ ፊቴን ታጠብኩ፤ ፀጉሬን አሰርኩ። ግቢው ውስጥ ኮቴ ሰምቼ በመስኮት አየሁ። ሰዎች ቆመዋል፤ ካሜራ የያዘ የለም። ከአባባ ገብረወልድ ኋላ ያለችው ሴት አንቺን ትመስለኛለች።

ብርድ ላይ አላቆማችሁም፤ ልከፍት ነው። ፈጣሪ ለአንቺም ለእኔም ጉልበት ይስጠን።

ታናሽሽ