በሃያ ሁለት ፊልሞች የሞቱት ኤርሜቴ ካሩሲ

በየግድግዳው የተለጠፈው የሐዘን ማስታወቂያ ኤርሜቴ ካሩሲ ኖቬምበር 3 ቀን 1930 ተወለዱ ይላል። ስህተቱ የታየው ሙጫው ከደረቀ በኋላ ነው። የተወለዱት በ2 ነው፤ ከአባታቸው ከወረቀት ፋብሪካ ሠራተኛው ከአቶ ኦሬስቴ ካሩሲና ከእናታቸው ከወይዘሮ ዴልፊና፣ በቲቮሊ ከተማ። ቀኑ የሙታን መታሰቢያ በመሆኑ እናታቸው ለልጁ ዕድሜ ፈሩ፤ አባትም ማዘጋጃ ቤት ሄደው አንድ ቀን ገፍተው አስመዘገቡ።

ኤርሜቴ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በቲቮሊ አጠናቀው በ1949 ሕግ ለመማር ሮም ገቡ። እናታቸው ትራም ይገጨዋል እያሉ እንቅልፍ አጡ። ያገኛቸው ግን ሲኒማ ነው። ትምህርታቸውን አቋርጠው በአንድ ስቱዲዮ የመብራት ገመድ ሲጎትቱ ቆዩ፤ ከዚያም የሌሎችን ድርሰት አራሚ ሆኑ። ከ1958 ጀምሮ የራሳቸውን አስፈሪ ፊልሞች እየጻፉ፣ ገንዘብ እያፈላለጉ ማሠራት ያዙ።

አሠራራቸው እንደ ሙያ ጓደኞቻቸው ነበር። አስቀድመው ፖስተር ያሥላሉ፤ ፊልሙ በፖስተሩ ከተሸጠ በኋላ ታሪኩን ለመጻፍ ይቀመጣሉ። አንድ ጊዜ ሠዓሊው ማንም ሳያዘው ፖስተሩ ላይ ካለው ግንብ ጀርባ የሚቃጠል መርከብ ጨመረበት። ግንቡ ያለው ተራራ ላይ ነው። ኤርሜቴ መርከብ ተራራ ላይ የሚወጣበትን ምክንያት እስኪያገኙ ምግብ አልቀመሱም፤ አገኙም።

በ1961 ከልብስ ሰፊዋ ከወይዘሮ ሎሬዳና ጋር በጋብቻ ተሳስረው ኦታቪያንና ሲልቪዮን ወልደዋል።

ለሬሳ ተዋናይ መቅጠር ብክነት ነው ብለው ስለሚያምኑ፣ በየፊልማቸው ሣጥን ውስጥ የሚተኙት ራሳቸው ነበሩ። የመብራት ሠራተኞቹ «ዶቶሬ»፣ ዶክተር ማለታቸው ነው፣ እያሉ ይቀልዱባቸዋል።

«ዶቶሬ፣ ዛሬስ ምን ገደለዎት?»

«ትናንት ያበላችሁኝ ፓስታ ነዋ!»

ወይዘሮ ዴልፊና ግን አይስቁም። የልጃቸው ፊልም ሠፈራቸው በመጣ ቁጥር ደህና ልብሳቸውን ለብሰው ይሄዳሉ፤ ሣጥኑ ሲከፈት ቦርሳቸውን አንሥተው ይወጣሉ።

«እማ፣ አንዴ እንኳ እስከ መጨረሻው እዪልኝ።»

«ቁጭ ብዬ ልጄን ሣጥን ውስጥ ልይ? ሞቼ ነው!»

«ከሣጥኑ እኮ ወጥቼ ነው እራት የምበላው።»

«ሂድ ወዲያ! አፍህን በሳሙና ታጠብ!»

ሃያ ሁለት ጊዜ ሳይጨርሱ ወጡ።

ኤርሜቴ ባለፈው ዓመት በሳንባ ሕመም እየተሠቃዩ ሃያ ሦስተኛውን ፊልም ጨረሱ። «ይቺን ብቻ እዪልኝ፣ ሌላ አልጠይቅሽም» ብለው እናታቸውን ለመኑ። እናታቸው ግን «ሳልህ ሳይለቅህ የሬሳ ወሬ አልሰማም» ብለው እምቢ አሉ። ኤርሜቴ ባደረባቸው ሕመም በሕክምና ሲረዱ ቆይተው ፌብሩዋሪ 6 ቀን 1979 በአርባ ስምንት ዓመታቸው ዐረፉ። እናታቸውን፣ ባለቤታቸውንና ሁለት ልጆቻቸውን ትተዋል። ሰውን ሲያስፈሩ ለኖሩት ለእኚህ ገር ሰው፣ እግዚአብሔር ፍርሃት የሌለበትን ማረፊያ ይስጥልን።

ትናንት ከሰዓት በኋላ የሠፈሩ ሲኒማ ቤት ባለቤት ይህንኑ ፊልም ለቤተሰቡ አሳዩ። ሣጥኑ ሲከፈት ወይዘሮ ዴልፊና ቦርሳቸውን ያዙ።

«ተቀመጪ እማማ፣ አባዬ አይደለም» አለቻቸው የልጅ ልጃቸው ኦታቪያ።

እውነትም የተኛው የማያውቁት ሰው ነበር። ለመጀመሪያ ጊዜ ሬሳ ተቀጥሯል። እናት ቦርሳቸውን ጭናቸው ላይ እንደያዙ ቀሩ። ኤርሜቴ የመጡት ሁሉም ካለፈ በኋላ፣ በፊልሙ መጨረሻ ላይ ነው፤ የመቃብር ቦታው ዘበኛ ሆነው፣ ፋኖስ ይዘው። ውስጥ ሰው አለመቅረቱን ዞረው አዩ። ከዚያ ወጡና በሩን ከውጭ ቆለፉት።