የግራው ወንበር

ውድ ሮዌና፣

እሁድ ዕለት ደውለሽ ለጠየቅሽኝ ነገር ስልክ ላይ ልመልስልሽ ሞክሬ ነበር። መጮህ ስጀምር እማዬ ስልኩን ከእጄ ነጥቃ ስለ ዶሮዎቿ ታወራሽ ጀመር። በደብዳቤ መጮህ ስለማይመች ይኸው ጻፍኩልሽ።

«በኅዳር በኔቫዳው የበረሃ ውድድር የአባባን መኪና እናስገባ። መሪውን አንተ ያዝ፣ እኔ ቀኝህ እቀመጣለሁ» ነው ያልሽኝ። ስንት ዓመት ልሰማው የጓጓሁትን ነገር እንዲህ ጨው አቀብለኝ እንደሚል ሰው በቀላሉ ስትይው ደሜ ፈላ። መልሴን እነግርሻለሁ። መጀመሪያ ግን ትሰሚኛለሽ።

ቀንቼብሻለሁ፣ ሮ። ሰው ይህን ሲሸፋፍን «እኮራብሻለሁ» ይላል። ኩራቱም አለኝ፣ አልዋሽም። ግን ቅናቱ ቀድሞት ነው የሚነሳው። ገና ጫማዬን ሳላጠልቅ ይመጣል፤ ወጥ ቤት ስገባ ደግሞ ለማስታወቂያ ፊትሽ የታተመበት የድንች ጥብስ ከረጢት መደርደሪያው ላይ ሆኖ ይጠብቀኛል። እማዬ ትገዛዋለች እንጂ አትከፍተውም፣ ሌላ ሰውም አታስከፍትም። አንድ ቀን ወደ ግድግዳው ሳዞረው ያዘችኝ።

«ልጄን ምን ብትልህ ነው ፊቷን ያዞርክባት?»

«ቁርስ ስበላ ስለምታፈጥብኝ ነው።»

«አንተስ በእሷ ላይ ስታፈጥ አይደለም እንዴ ዕድሜህን የጨረስከው?» አለችና መልሳ አዞረችሽ። እናታችን ስትመታ የት እንደምትመታ ታውቃለች።

አባባ ሲሞት ነገሩ ግልጽ ነበር። ታላቅ እኔ ነኝ፣ የግራው ወንበር የኔ ነው። እኔ እነዳለሁ፤ አንቺ ቀኜ ተቀምጠሽ ዓይንሽን ካርታው ላይ ተክለሽ «ግራ፣ ድንጋይ፣ ጉድጓድ» ትያለሽ። በልምምድ ቀን መሪውን ስለቅልሽ ደግሞ ጩኸቴ አንድ ነበር፦ «አውራ ጣትሽን አውጪ! ጎማው ድንጋይ ሲመታ መሪው በራሱ ይሽከረከርና ጣትሽን ይሰብረዋል!» ጎረቤታችን መካኒኩ ቼፔ ከመኪናው ሥር ሆኖ «ጣት ጣት ስትል ልጅቷን ፒያኖ ልታስተምራት ነው የመሰለኝ» ይለኝ ነበር።

ታዲያ በትልቁ ውድድር፣ ገና መንገዱን ሳናጋምስ፣ የማን ጣት ተሰበረ? አንቺ አልሳቅሽብኝም። መኪናውን አቁሜ እጄን ስይዝ ቀበቶሽን ፈታሽና «ውረድ» አልሽኝ።

«ምን አልሽ?»

«ውረድና በዚያ በኩል ግባ። ካልሆነ እዚሁ ቁጭ ብለህ አልቅስ፣ እኔ እሄዳለሁ።»

ወርጄ በዚያ በኩል ገባሁ። ያ ነው እንግዲህ ሕይወቴ የዞረበት መንገድ፤ በመኪናው አፍንጫ ዙሪያ፣ በእግር።

ከዚያ በኋላ አንቺ ነዳሽ፣ እኔ አወራሁ። «ድንጋይ፣ በግራ!» ስልሽ «አየሁት» ትይኛለሽ። «ቀስ፣ ወደ ታች ይወርዳል!» ስልሽ «አየሁት፣ ጊል»። ምንም ነገር እኔ ነግሬሽ አይተሽ አታውቂም። ደረቁ ሐይቅ ላይ ከፊታችን ያለው መኪና አቧራው ውስጥ ጠፍቶ የመኪናችንን ጡሩምባ አልሰማ ሲል «አንኳኪ» አልኩሽ። አባባ እንዳስተማረን፣ «አሳልፈን» ለማለት በመኪናው የፊት መከላከያ ብረት ኋላውን ቀስ አድርገሽ ነካሽው። ሰውየው ወደ ጎን ወጣልን፤ ስናልፈውም በመስኮት እጁን አወዛወዘልን። በረሃ ላይ ጨዋ ሰው እንዲህ ነው ይቅርታ የሚጠይቀው።

ከምድባችን አንደኛ ወጣን። ከካሮላይና የመጣ አንድ የመኪና ውድድር ቡድን ባለቤት መጨረሻው መስመር ላይ ባርኔጣውን አውልቆ ወደ እኔ መጣና እጁን ዘረጋ። ያበጠውን ጣቴን አሳየሁት። «ታዲያ ማነው የነዳው?» አለኝ። በአገጬ ወደ አንቺ ጠቆምኩት። አገጬን ብቻ ነው ያነቃነቅኩት፤ ሰውየው ግን ከዚያ በኋላ ዞሮ አላየኝም።

ለቡድኑ ቀጥሮ ወሰደሽ፤ በመጀመሪያ በየገጠሩ ትንንሽ የአስፋልት ክቦች ላይ አሽከረከሩሽ። ከዚያ ትልልቆቹ ሜዳዎች መጡ፣ ቴሌቪዥኑ መጣ፣ የድንች ጥብሱ መጣ። እኔ እዚሁ ከተማችን ባርስቶው ቀርቼ ጎማ አስተካክላለሁ። ደንበኛ ሁሉ «የሮዌና ስትራውድ ወንድም አይደለህ?» ይለኛል። አንዱን «አይደለሁም፣ እሷ ናት የኔ እህት» ብዬው ጎማውን ሳያስጠግን ሄደ።

በመሪው እንደምቀና ታውቂው ነበር። ሌላውን ግን አታውቂም። ባለፈው ዓመት ካሮላይና ጋብዘሽኝ ስመጣ ጆሮ ማዳመጫ ሰጥተሽኝ «የምንነጋገረውን ስማ» አልሽኝ። እናንተ መኪና ውስጥ አንድ ወንበር ብቻ ነው ያለው። የቀኙን ወንበር ሥራ የሚሠራው ሰው ከተመልካቾቹ መቀመጫ በላይ ጣሪያው ላይ ቆሞ በሬዲዮ ይናገራል። ሆሊስ። ድምፁ እንደ ሞቀ ሾርባ ነው፣ ያናድዳል። «በውጭ በኩል አንድ አለ፣ ልጄ። አሁንም አለ። አሁንም አለ። አለፍሽው» ይልሻል። አንቺስ ምን ትይዋለሽ?

«እሺ።»

እኔ የማውቃት ሮዌና! በልጅነቷ እማዬ «ካፖርትሽን ልበሺ» ስትላት በረዶ ላይ የተኛችው ሮዌና! «እሺ፣ ሆሊስ። እሺ።» ያን ቀን አንደኛ ወጣሽ። እኔ ራሴን አሞኛል ብዬ እራት ሳልበላ ሆቴሌ ገባሁ። ራሴን አልነበረም ያመመኝ።

እንግዲህ የነሐሴውን ነገር ልንገርሽ፣ ከዚህ ሆኖ እንዴት እንደታየ። እኔና እማዬ ቴሌቪዥን ፊት ነበርን። ሁለተኛ ነሽ፤ ከፊት ያለው ልጅ ጎማው እየጨሰ ነው፣ ጭሱ መንገዱን ሞልቶታል። አንቺም ተጠግተሽ ኋላውን ቀስ አድርገሽ ነካሽው። ልጁ ዞሮ ግድግዳው ላይ ተለጠፈ። ደህና ሆኖ መውጣቱን እስክናይ ድረስ እማዬ ትራሷን ነክሳ ነበር። ሕዝቡ ጮኸብሽ፣ ጠርሙስ ወረወረብሽ። ተንታኙ «ሆን ብላ ነው፣ ባለጌ ናት» አለ። ዳኞቹም እስከ ዓመቱ መጨረሻ አገዱሽ።

እኔ ግን ከሶፋዬ ተነሥቼ «አንኳኳች! እማዬ፣ አንኳኳች እኮ!» እያልኩ ነበር።

«ምኑን?»

«በሩን ነዋ! አቧራ መስሏት!»

ማታ ደወልሽልኝ። እያለቀስሽ ነበር። «ሆሊስ ‹ባለሽበት ቆዪ› ብሎኝ ነበር፣ ጊል። ሰምቼዋለሁ። ግን ምንም አይታይም ነበር፣ እጄ በራሱ ሄደ። ማንኳኳት ብቻ ነበር የፈለግሁት። እዚህ ማንም አይገባውም።» እኔም «አይዞሽ፣ አይዞሽ» አልኩሽ። በአፌ ነው። በሆዴ ምን እንዳልኩ ልንገርሽ? ደስ አለኝ። ሥራሽ ገደል አፋፍ ላይ ቆሞ፣ አንቺ እያለቀስሽ፣ እኔ ደስ አለኝ። ያ ሁሉ ሾርባ በጆሮሽ ፈስሶ፣ ጭሱ ሲመጣ እጅሽ የታዘዘው ለእኔ ነው። የደወልሽውም ለእኔ ነው። እንዲህ ዓይነት ወንድም ነው ያለሽ፣ ደስ ካለሽ ውሰጂው።

አሁን ወደ ጥያቄሽ። «መሪውን አንተ ያዝ» ካልሽኝ በኋላ ቅዳሜ የአባባን መኪና አውጥቼ ቼፔን ቀኜ አስቀመጥኩና እዚህ አጠገባችን ያለውን ደረቅ ሐይቅ ተሻግረን እስከ ድንጋዩ ሸለቆ ሄድን። መሪው እጄ ላይ ነው፣ አውራ ጣቴ ከውጭ ነው፣ ሞተሩ እንደ ድሮው ይዘፍናል። ይህን ቀን ስንት ጊዜ ተኝቼም ነቅቼም አልሜዋለሁ። ቼፔ ካርታውን አይቶ አፉን ሲከፍት እቀድመዋለሁ። «ድንጋይ በግራ፣ ከዚያ ጉድጓድ፣ ከዚያ ቀስ!» ብዬ ራሴ እጮሃለሁ። መልሶ ሲሞክር መልሼ እቀድመዋለሁ። በመጨረሻ ካርታውን ጭኑ ላይ ጣለና፦

«ስማ አንተ ሰውዬ፣ ትነዳለህ ወይስ ታወራለህ? አንዱን ምረጥ! ደግሞ ለማን ነው የምትነግረው? የምትነዳው አንተው ነህ!»

መኪናውን አቁሜ ወረድኩ። አቧራው እስኪወርድ ድረስ ቆምኩ። ቼፔ መጥቶ አጠገቤ ሽንቱን ሸና። ለካ መሪው ናፍቆኝ አልነበረም። ወንበሩ የሚገባኝ ስለነበር ብቻ ነበር የጮህኩበት። የቀናሁት ጣሪያው ላይ በቆመው ሰውዬ ነው፤ ስንት ሺህ ሰው በሚጮህበት ሜዳ አንቺ የምትሰሚው እሱን ብቻ በመሆኑ።

ስለዚህ መልሴ ይህ ነው። የግራውን ወንበር አልፈልግም። አንቺ ንጂ። ምጽዋትሽን መልሰሽ ቦርሳሽ ውስጥ ክተቺው። ቀኝሽ እኔ እቀመጣለሁ።

ስለ ሆሊስም ሰምቻለሁ። እማዬ «እሱም ለማየት ይመጣል አለችኝ» ብላለች። ይምጣ። ነዳጅ ከሚሞሉት ጋር ድንኳኑ ውስጥ ይቀመጥ፣ ቼፔ ሥጋ ይጠብስለት። ሬዲዮ ግን እንዳይሰጡት፤ አንድም ቃል ቢሆን አልወድም። እኔ እንደ እሱ «ልጄ» አልልሽም፣ ድምፄም አይሞቅም። ልጮህብሽ እችላለሁ። በእርግጥ እጮህብሻለሁ።

አንድ ነገር ብቻ እለምንሻለሁ፣ ለምኜሽ አላውቅም። ውድድሩ ላይ ድንጋያማ ሸለቆ ስንደርስ «ድንጋይ፣ በግራ!» እልሻለሁ። ድንጋዩን ከእኔ ቀድመሽ እንደምታዪው አውቃለሁ፤ ሁልጊዜም ቀድመሽ ነው የምታዪው። ቢሆንም ያን ጊዜ «አየሁት» አትበይኝ።

«እሺ» በይኝ።

አውራ ጣትሽን ከመሪው ውጭ አድርጊ፣

ወንድምሽ ጊል