የሰዓት ሠሪው የጓሮ በር

ይድረስ ለወንድምዓለም፤

የሟቹ ሰዓት ሠሪ ቤት ቀረጻ ማክሰኞ አለቀ። አንተስ እንዴት ከርመሃል? ባለቤትህና ልጆቹስ? እኛ ከአጎታችን ወገብ በስተቀር ደህና ነን።

አጎታችን እንደምታውቀው ሥራዬን አይወዱትም። «የሟችና የገዳይ ጓዳ እንድትበረብሪ ነው ያሳደግኩሽ? አንድ ቀን እንኳ ሠርግ አትቀርጪም?» ይሉኛል። ዘንድሮ ግን የሰፈራችን ታሪክ ስለሆነ ካሜራ ፊት ተቀምጠው ተናገሩ። «ሰዓት ሠሪውን በሰላምታ ብቻ ነው የማውቀው፤ ቤቱን ረግጬው አላውቅም» አሉ።

ማክሰኞ አብረውን መጡ። እስከ ዛሬ ያልተገኘው ገዳይ ገባበት የተባለው የጓሮ በር ቁልፉ ቢዞርም አልከፈት አለን። አጎታችን «ዞር በሉ» ብለው እጀታውን ወደ ላይ አነሱና ከታች በጉልበታቸው ገፉት፤ ወለል አለ።

«ጋሼ፣ ሦስት ጎረምሳ ያሸነፈ በር ለእርስዎ ሰገደ!» ብሎ ካሜራማኑ ሳቀ። እሳቸው አልሳቁም።

ከዚያ ወዲህ ምሳ በቀረበ ቁጥር «ያ የበሩ ነገር ፊልሙ ላይ ይገባል እንዴ?» ይሉኛል። «ሽማግሌ በር ሲገፋ ማን ያያል?»

አንተ ታላቅ ነህ፤ ሰዓት ሠሪው በተገደለበት ሰሞን እሳቸው የት እንደነበሩ ታስታውስ ይሆን? እንዲያው ለጨዋታ ያህል ነው።

ልጆቹን በየጉንጫቸው ሳምልኝ፤ አንተም ብርድ እንዳይመታህ። ፊልሙን የምታቀናብረው ልጅ የበሩን ቀረጻ ላስገባው ወይስ ላውጣው ብላኛለች። መልሴን የምትፈልገው ዓርብ ነው።

እህትህ