አሰልጣኝ ብርሃነ መስቀል ይፍሩ አርፈዋል፤ መርዶው ግን ገና አልደረሰም

ደብረ ብርሃን፣ ነሐሴ 15 ቀን 2017 ዓ.ም.
ለክለቡ አባላት፣ ለደጋፊዎች ማኅበርና ለስፖርት ጋዜጠኞች በሙሉ

የጠባሴ ኮከብ እግር ኳስ ክለብ ሥራ አመራር ቦርድ፣ የክለቡ አምበል፣ በኋላም ዋና አሰልጣኝ የነበሩት ብርሃነ መስቀል ይፍሩ ይሠሩበት በነበረው በታንዛኒያ ትናንት ከዚህ ዓለም በሞት በመለየታቸው የተሰማውን መሪር ሐዘን ይገልጻል። ቡድናቸውን ሲያለማምዱ ሜዳው ዳር ወድቀው ወዲያው ሆስፒታል ቢደርሱም ሕይወታቸውን ማትረፍ አልተቻለም። ይህ መግለጫ ከዚህ በታች በምንገልጸው ምክንያት ለጊዜው በሬዲዮ እንዳይነበብ፣ በማኅበራዊ ገጾችም እንዳይለጠፍ ከወዲሁ አጥብቀን እንለምናለን።

አሰልጣኝ ብርሃነ መስቀል በ1973 ዓ.ም. በአንኮበር ወረዳ ከአባታቸው ከአቶ ይፍሩ ተክለየስ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ አልታየች ወንድይፍራው ተወለዱ። ሁለተኛ ደረጃ ለመማር ደብረ ብርሃን እንደመጡ በ1990 ዓ.ም. ክለባችንን በግራ መስመር ተከላካይነት ተቀላቀሉ።

በሜዳ ላይ የአጥቂን እግር ስለሚያስሩ ደጋፊው «ውርጩ» ይላቸው ነበር። ደብረ ብርሃን ላይ አንድ ጥቅምት ላሳለፈ ሰው ስሙ ማብራሪያ አያሻውም።

በ1998 ዓ.ም. የጉልበታቸው ጅማት በመበጠሱ ጫማቸውን ሰቅለው ምክትል አሰልጣኝ ሆኑ። ዋና አሰልጣኝነቱን በ2003 ተረክበው በ2006 ክለቡን ወደ ብሔራዊ ሊግ አሳደጉ። ከዳኛ ጋር ባላቸው ክርክርም ብዙ ጊዜ ጨዋታውን ከመቀመጫቸው ሳይሆን ከአጥር ውጭ ሆነው ጨርሰዋል። ያ ቁጣቸው ዛሬ ይናፍቀናል።

በ2010 ዓ.ም. ወደ ሱዳን ተሻግረው ማሰልጠን ጀመሩ። በ2015 ጦርነቱ ሲነሣ ተጫዋቾቻቸው ወደየቤታቸው ሳይገቡ አልወጣም ብለው ቆይተው፣ በመጨረሻ በመተማ በኩል ተመለሱ። ወይዘሮ አልታየች ያን ጊዜ «በቃህ ልጄ፣ ካሁን በኋላ ከአገር አትውጣብኝ» ብለዋቸው ነበር።

ሆኖም በ2016 ዓ.ም. ከታንዛኒያ ጥሪ ሲመጣ ሄዱ፤ ሊወርድ የነበረውንም ቡድን በአንድ የውድድር ዘመን አተረፉ። ባለፈው ሰኔ ለቀድሞ የቡድን ጓደኛቸውና ለአሁኑ አሰልጣኛችን ለቴዎፍሎስ ምህረቱ ደውለው «ደረቴን እየያዘኝ ነው፤ ለእማዬ እንዳታወራ፣ እኔው እነግራታለሁ» ብለዋል። አልነገሯቸውም።

በእኛ ልማድ መርዶ የሚነገረው በማለዳ፣ በሽማግሌ አፍ፣ ጎረቤት ተሰብስቦ ነው። ክለባችንም እስከ ዛሬ የሐዘን መግለጫ ያወጣው ከመርዶ በኋላ ነው። የታንዛኒያው ክለብ ግን በአገሩ ልማድ ነውር ስላልሆነ ትናንት ማምሻውን ፎቶግራፋቸውን ከነሞታቸው በገጹ አወጣ። ዛሬ ከአረርቲ እስከ መዘዞ ያልሰማ የለም። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው እንዲሉ፣ አገር የሰማውን ወላጅ እናት አልሰሙም።

መርዶውን ለእናታቸው ሊያረዱ ሽማግሌና ዘመድ አዝማድ አስከትለው ማለዳ የተነሡት የቤተሰቡ የንስሐ አባት መምሬ ገብረመንፈስቅዱስ፣ የአንኮበር መንገድ በናዳ በመዘጋቱ ከመኪና ወርደው በእግር ቀጥለዋል። ከዚያው ደውለው «የልጅ ሞት በስልክ አይነገርም፤ እስክንደርስ አፋችሁን ያዙልን» ብለውናል። ገደሉን ጉም ሸፍኖታል፤ ዝናቡም አላባራም። ከዚያ ወዲህ ድምፃቸውን አልሰማንም፤ ስንደውልም አይገኙም።

ወይዘሮ አልታየች ብቻቸውን ይኖራሉ፤ የደም ግፊትም አለባቸው። በመንደራቸው መብራት ከጠፋ ስለሰነበተ የእጅ ስልካቸው ዝግ ነው። በሌላ ጊዜ የምናማርርበትን ችግር ዛሬ እግዜር ያቆይልን እያልን ነው። ሬዲዮናቸው ግን በባትሪ ድንጋይ ይሠራል፤ የስፖርት ዜና ባለ ቁጥር የልጃቸው ስም ይነሣ እንደሆነ ብለው ያዳምጣሉ። የፈራነው ይህንኑ ነው።

ስለዚህ ጋዜጠኞች ሽማግሌዎቹ መድረሳቸውን እስክናሳውቅ ድረስ ዜናውን እንድትይዙልን፣ ደጋፊዎችም ወደ መንደሩ እንዳትደውሉ፣ የማጽናኛ መልእክትም እንዳትልኩ እንለምናለን። ነግ በእኔ ነው። የአስከሬኑ መምጫ ተቆርጧል፤ የቀብሩን ቀን ግን ከእናታቸው ቀድሞ የሚቆርጥ የለም።

ቦርዱ ለአሰልጣኝ ብርሃነ መስቀል የሥራ ባልደረቦች፣ ላሠለጠኗቸው ተጫዋቾችና ለደጋፊዎቻችን መጽናናትን ይመኛል። ከሁሉ በፊት መጠራት የነበረባቸው ወላጅ እናታቸው ነበሩ። ስማቸውን በዚህ ዐረፍተ ነገር ውስጥ ገና ማስገባት አልቻልንም።

ይህን ጽፈን ማኅተም ልናሳርፍ ስንል የጽሕፈት ቤቱ ስልክ ጠራ። ቁጥሩ የወይዘሮ አልታየች ነው፤ መብራት መጥቷል ማለት ነው። የልጃቸው ወሬ ሲጠፋባቸው ወደዚህ መደወል ልማዳቸው ነው። ቦርዱ በሙሉ ስልኩን ከብቦ ቆሟል። ያነሣው የለም፤ አሁንም ይጠራል።