የሲት ኢቮን ክሪስታል

ሰኞ፣ መጋቢት 8/89፤ ከሰዓት

ዛሬም ብርጭቆ። ለነሱ ፋሲካ ሁለት ሳምንት ስለቀረው ማዳሜ የቤቱን የሚያብለጨልጭ ሁሉ አስወርዳኛለች። የሳሎኑ መብራት ብቻ መቶ ምናምን የብርጭቆ ጠብታ አለው። አንድ በአንድ ፈትቶ፣ ኮምጣጤ በገባበት ሙቅ ውሃ ነክሮ፣ በጋዜጣ መወልወል። ጣቶቼ ተላጡ። ጾም ስለሆነ እስከ 9 ሰ. ምንም አልቀምስም፤ ማዳሜ ለመክሳት ይመስላታል።

ደብተሬ፣ ጉድ ሠርቻለሁ። የጂዶን ክሪስታል አብሬ ነከርኩት።

ጂዶ የማዳሜ አባት ነው። ድሮ ት/ቤት ስለ ብርሃን ያስተምር ነበር፤ አሁን ዐይኑን ሞራ ጋርዶታል። ከድሮ አስተማሪው የወረሰው አንድ ሳይንስ አለው። ልጆቹ ይስቁበታል፤ እኔ ግን ሦስት ዓመት ሙሉ በዐይኔ አይቻለሁ። ምግብ ያልቀመሰ ሰው ጎህ ሲቀድ ክሪስታሉን ጨብጦ ሦስቴ ይተነፍስበታል። የሚያስበው ሰው መልክ ድንጋዩ ላይ እንደ ላብ ያርፋል። ከዚያ የጠዋቱ 4 ሰ. ፀሐይ ሲያገኘው ምስሉ ግድግዳው ላይ ይወጣል፣ ይንቀሳቀሳል። ጂዶ ዐይኑ ደህና ሳለ ያሳረፈው የሟች ሚስቱን የሲት ኢቮንን መልክ ነው። ተቀምጣ ብርቱካን ትልጣለች። በየቀኑ መስኮቱን ከፍቼ ድንጋዩን የማስቀምጥለት እኔ ነኝ። ሕጉ አንድ ብቻ ነው፤ ውሃ እንዳይነካው፣ መልኩን አጥቦ ይወስደዋል።

ክፍሉን ስጠርግ እንዳይወድቅ ብዬ ከጠብታዎቹ ጋር ጠረጴዛው ላይ ያኖርኩት ራሴ ነኝ። ከዚያ እጄ ሳያስብ ሁሉንም አፍሶ ባልዲው ውስጥ ከተተ።

ማክሰኞ፣ መጋ. 9፤ 4 ሰ.

ግድግዳው ባዶ። ነጭ ቀለም ብቻ። ጂዶ ወንበሩ ላይ ሆኖ ይጠብቃል። ደመና ነው አልኩት። ፀሐዩ ፊቱን እያሞቀው፣ ደመና ነው አልኩት። ይመነኝ አይመነኝ እንጃ። ወጥቼ ሽንት ቤቱን ሁለቴ አጠብኩ።

ዓርብ፣ መጋ. 12

አይበላም። ሾርባው እንደሄደ ይመለሳል። ማዳሜ ሐኪም ጠራች፤ እርጅና ነው ብሎ ሄደ። ትናንት ጂዶ ራሱ ሞክሮ ነበር። ጨብጦ ሲተነፍስበት በበሩ ክፍተት አየሁት። ግድግዳው ላይ የወጣው ጭጋግ ብቻ ነው። ሞራ የጋረደው ዐይን ሌላ ምን ያወጣል።

የሰው ነፍስ በእጄ ሊጠፋ ነው። ያውም በዚህ ቤት በላሽ ወይ ብሎ የሚጠይቀኝ እሱ ብቻ ነው።

ቆይ። ኢቮንን ሦስት ዓመት ሙሉ እኔም አይቻታለሁ። ዐይኔ ደህና ነው። ሆዴም ባዶ ነው።

ሰኞ፣ መጋ. 15

ጎህ ሲቀድ ተነሳሁ። ኢቮን፣ ብርቱካን፣ ኢቮን፣ ብርቱካን እያልኩ ተነፈስኩበት። 4 ሰ. መስኮቱን ከፈትኩ።

እናቴ ወጣች።

እናቴ፣ ደብተሬ! ሻሿን አስራ፣ ሰፌዷን ጭኗ ላይ አድርጋ ምስር ትለቅማለች። ድንጋዩ ያዘዝኩትን ትቶ የናፈቀኝን ወሰደ። ጂዶ ደግሞ በዚያ ዐይኑ የሚያየው የተቀመጠች ሴትና የሚንቀሳቀስ እጅ ነው።

«ቦንዡር ያ ኢቮን» አላት። «የት ጠፍተሽብኝ ነው?»

አለቀሰ። ከዚያ አንድ ሳህን ለብነ፣ ያን ወፍራም እርጎ፣ በዳቦ በላ። ማን እንደሆነች ሳልነግረው ሳህኑን አንስቼ ወጣሁ።

ረቡዕ፣ መጋ. 24

በየቀኑ ያወራታል። ስለ ጉልበቱ ሕመም፣ በጦርነቱ ጊዜ ስለተደበቁበት ምድር ቤት፣ ስለ ማዳሜ አመል። እናቴ ምስሯን ትለቅማለች። አረብኛ አንድ ቃል አታውቅም። አንዳንዴ ሳቄ ይመጣል፤ የባዳ ወንድ ፊት ቀና ብላ የማታይ ሴት ሀቢብቲ፣ ውዴ ስትባል! ወዲያው ደግሞ እናደዳለሁ። ሦስት ዓመት ያላገኘኋትን እናቴን የሰው ሽማግሌ ያቆላምጥብኛል። ቅናት ነው። አላፍርም።

እሁድ፣ መጋ. 28

ጠዋት 1 ሰ. ተኩል በሩ ተንኳኳ። ዘይነባ፣ የወሎዋ ጓደኛዬ። ከኋላዋ ሁለት ያገሬ ልጆች። ሦስቱም ጥቁር ሻሽ። ከከተማው ማዶ ከቡርጅ ኤል ባራጅነህ እዚህ ፋናር ድረስ፣ በሰርቪስ ታክሲ፣ በዚህ ሰዓት። ሳይናገሩ አወቅኩ። መርዶ በስልክ አይነገርም፣ አንድ ሰውም ብቻውን አይነግረውም። ዘይነባ ትከሻዬን ይዛ አስቀመጠችኝ።

እናቴ ከሞተች ወር ሆኗታል። ወር። እኔ ድንጋዩ ላይ ስተነፍስ እሷ አፈር ለብሳለች።

ማዳሜ ጎረቤት እንዳይሰማ አለች። ግማሽ ሰዓት ፈቀደች፤ ከዚያ ኸላስ፣ በቃ፣ ለምሳ እንግዳ አለ። ልብስ ማስጫው በረንዳ ላይ አራታችን ፎጣ አፋችን ላይ ይዘን አለቀስን። ፊቴን ልነጭ ስል ዘይነባ እጄን ያዘችኝ። ሄዱ። እኔ ለእንግዶቹ ኩሳ፣ ዝኩኒውን በሩዝ፣ ስሞላ ዋልኩ።

ማክሰኞ፣ መጋ. 30፤ 9 ሰ.

ዛሬም 4 ሰ. መስኮቱን ከፈትኩ። እናቴ ምስር ትለቅማለች፤ ጂዶ ስለ ሠርጋቸው ይነግራታል። ከኋላው ቆሜ ከንፈሬን ነከስኩ። ቀብሯ ላይ አልቆምኩም። ድንኳን የለኝ፣ እግዜር ያጥናሽ የሚለኝ የለኝ። ያለኝ ለቅሶ ቤት ያ ግድግዳ ብቻ ነው፤ እሱም በሌላ ሴት ስም።

ብነግረው ሚስቱን ዳግመኛ ይቀብራል። ምናልባት እንደገና ምግብ ይተዋል። ማዳሜም ወዳመጣኝ ቢሮ ትመልሰኛለች። ባልነግረው እናቴ ሳይለቀስላት ትቀራለች። ይህን ሳወጣና ሳወርድ ሁለት ሳህን ሰበርኩ። ተሰደብኩ። አልሰማሁም።

ደክሞኛል፣ ደብተሬ። ቆርጫለሁ።

ነገ 4 ሰ. መስኮቱን ከፍቼ አልወጣም። ወንበር ስቤ ከጂዶ ጎን እቀመጣለሁ። ውሃ ያስነካሁት እኔ ነኝ እለዋለሁ። ይቺ ኢቮን አይደለችም። አስካለ ትባላለች። እናቴ ናት። ሞታብኛለች።