ካትራን የበላው ሽለምጥማጥ

ኦክቶበር 14፣ ማክሰኞ

ለመንደራችን ሕዝብ፣ ለሸለቆው ነዋሪዎች፣ እንዲሁም ለመላው አውሮፓ ነገሥታትና መንግሥታት የተሰጠ መግለጫ። ዛሬ ረፋዱ ላይ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ባለው መታጠፊያ፣ ክብርት ካትራ ከፊት ቀኝ እግሯ "ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ" የሚል ድምፅ አሰምታለች። ሕዝቡ ሳይደናገጥ የዕለት ሥራውን እንዲቀጥል እናሳስባለን።

መግለጫው አበቃ። እኔ ግን ተደናግጫለሁ። መኪናዬን ካትራን የገዛኋት ልጄ በተወለደ ዓመት ነው። ልጄ መላጣ ሆኗል፤ እሷ ቀለሟን ብቻ ነው የለቀቀችው። ደግሞ የማርቲን በዓል አንድ ወር እንኳ አልቀረውም። እንደ ወትሮው የካርቶን ጳጳስ ቆቤን ደፍቼ፣ በካትራ ዳገቱን ወጥቼ፣ የላይኛውን መንደር ጉሽ፣ ያልጠራውን አዲስ የወይን ጭማቂ፣ በቀልድ ክርስትና አንስቼ ወይን ጠጅ ካላደረግሁት... ማን ያደርገዋል? እውነተኛው ቄስ? እሱ ቀልድ አይችልም።

ጎረቤቴ ቦጎሚር ጡረታ የወጣ መካኒክ ነው። ጡረታውን ረስቶ ከስሯ ገባ።

"ልብሷ ተቀዷል" አለ ከታች።

ዘንጉ ከጎማው ጋር የሚገናኝበት አንጓ ላይ እንደ አኮርዲዮን የተጣጠፈ የላስቲክ ልብስ አለ። ግራሶውን ይዞ አቧራውን የሚከለክለው እሱ ነው። ለሁለት ተከፍሏል። ግራሶው ተረጭቶ ጎማውን ከውስጥ አጥቁሮታል፤ በቦታው አቧራ ገብቷል።

"ሽለምጥማጥ ነው" አልኩ። ሌላ ማን ይሆናል? የፖስተኛዋን መኪና ሽቦ በልቷል። የቄሱን መኪና የውሃ ቱቦ በልቷል። ሃይማኖት እንኳ አይለይም።

"ሊሆን ይችላል" አለ ቦጎሚር።

ዞፍካ ደረጃው ላይ ቆማ ታየናለች። ግራ እጇ አሁንም በነጭ ፋሻ እንደተጠቀለለ ነው። ወይን ለቀማው ላይ ከመሰላል ወድቃ። ወይናችን ቁመቱ እስከ ደረቷ ነው... መሰላሉ ለምን አስፈለጋት? በዚህ ሸለቆ ወይን ለመልቀም መሰላል የወጣች ብቸኛዋ ሴት ሚስቴ ናት። በየቀኑ እያነሳሁ እቀልድባታለሁ። ወሬው የላይኛው መንደር ድረስ ደርሷል። አትስቅም። ድሮ ትስቅ ነበር።

ኦክቶበር 16

ላስቲኩ ታዘዘ። የካትራን ዕድሜ ስነግረው ሻጩ በስልክ "ነፍስ ይማር" አለ። የዘመድ መርዶ ያረዳሁት ይመስል።

ኦክቶበር 18፣ ቅዳሜ

ቀዶ ጥገናው ተደረገ። ካትራ በክሪክ ተነሳች። ከስሯ የግንድ ጉማጅ ከተትን፤ ቦጎሚር ሰውንም ክሪክንም አያምንም። ጎማው ወለቀ። መሃል ያለው ትልቁ ብሎን እምቢ አለ። መፍቻው ላይ የብረት ቧንቧ ሰክተን ሁለታችንም ጫፉ ላይ ተንጠለጠልን። ብሎኑ ይጮኻል፣ የቦጎሚር ወገብ ይጮኻል... የትኛው የትኛው እንደሆነ መለየት አልተቻለም።

ዘንጉን ስቦ አወጣው። አንጓውን በናፍጣ አጠበ። ውስጡ ያሉትን የብረት ኳሶች በጣቱ ዳሰሳቸው።

"እንዴት ናቸው?"

"ትንሽ ተበልተዋል። ካንተ ጥርስ ግን ይሻላሉ።"

የአዲሱ ላስቲክ አፍ ጠባብ ነው። ተለጥጦ አንጓውን ማለፍ አለበት። ለዚህ የሚሆን ሾጣጣ መሣሪያ አለ አሉ። እኛ ያለን ወይን ጠጅ ወደ ጠርሙስ የምንቀዳበት ኢምቡቶ ነው። ላስቲኩን በዞፍካ የማርማላታ ድስት ቀቀልነው። ኢምቡቶውን ሳሙና ቀባነው። ዘንጉ ላይ ደፋነውና ላስቲኩን በላዩ ጎተትነው... ሸርተት ብሎ ገባ። አዲስ ግራሶ ታጨቀ። ማሰሪያው ታሰረ።

"መስታወቴንም በዚያው ጠግንልኝ" አልኩት። "በትራክተርህ የሰበርከውን።"

"ስንቴ ልንገርህ? መስታወትህን አልነካሁም።"

"ወይን ለቀማው ባለቀ ቀን ነው የተሰበረው። ያን ቀን በዚያ መንገድ ካንተ ትራክተር ሌላ ማን አለፈ?"

"አንተ አለፍክ" አለኝ።

ዞፍካ ድስቷን አይታ "ዘንድሮ ማርማላታችን ግራሶ ግራሶ ሊል ነው" አለች። ከዚያ የልጅ ልጃችን ኔዣ ከዋና ከተማው ከሉብሊያና መጣች። ገና ሳትስመኝ፣

"አባባ፣ ዓይንህን ታየህ?"

"ምን ቀረኝና? አያትሽን እንደሆነ ድሮ አይቻታለሁ።"

ኔዣ ሳቀች። ዞፍካ ወደ ቤት ገባች። ቦጎሚር አልሰማም። አሮጌውን ላስቲክ እያገላበጠ የተቀደደበትን ያያል። ከዚያ ኪሱ ከተተው።

"ምን ያደርግልሃል?"

"መታሰቢያ" አለ። ሽማግሌ ሲጃጅ እንዲህ ነው።

ኦክቶበር 21፣ ማክሰኞ

የቦጎሚርን ውሻ ፀጉር ሸልቼ በከረጢት ሞልቼ ከካትራ ስር ሰቀልሁ። ሽለምጥማጥ የውሻ ሽታ ይፈራል። ውሻው ግማሽ ጎኑ ተራቁቶ መንገድ ለመንገድ ይዞራል። ሰው ሁሉ እኔን ይጠይቃል።

ግን ዘግይቻለሁ መሰለኝ። ምክንያቱም አየሁት። በዓይኔ በብረቱ አየሁት። ሊመሽ ሲል በሩ ላይ ቆሜ ነበር። ከካትራ ስር ወጣ። ደረቱ ነጭ፣ ጅራቱ እንደ መጥረጊያ የተንዠረገገ፣ ዓይኖቹ ሁለት ጥቁር ወይን። የድንጋዩ ግንብ ላይ ቆሞ አየኝ... በንቀት። ከዚያ ዘሎ ሄደ።

ለዞፍካ ነገርኳት። "ደረቱ ነጭ ነበር?" አለች። "እንደ በረዶ" አልኳት። ድንቹን መላጥ ቀጠለች።

ኦክቶበር 25፣ ቅዳሜ

ካትራ ዝም ብላለች። መሪውን እስከ መጨረሻው ወደ ግራ፣ እስከ መጨረሻው ወደ ቀኝ... ጸጥ። ሙሽራ ናት። ለማርቲን በዓል የማደርገውን የቀልድ ስብከቴንም መጻፍ ጀምሬያለሁ። ርዕሱ "ስለ መሰላል"።

ኦክቶበር 27፣ ሰኞ

እጄን ከግራሶ ሳልታጠብ ነው የምጽፈው።

ላስቲኩ ሰላም መሆኑን ላይ ብዬ ከስሯ ገባሁ። ሲገቡ ይጨልማል፤ በጣቴ ዳሰስሁ። ተቀዷል። አዲሱ። ጣቴ ቀዳዳው ውስጥ ገባ።

የጥርስ አይደለም። ጥርስ ይቦጫጭቃል። ይሄ ቀጥ ያለ ነው፤ መጨረሻው ላይ ትንሽ ወደ ላይ ይታጠፋል። ይህን አቆራረጥ ዕድሜዬን ሙሉ አውቀዋለሁ። ወይን የምንገርዝበት ቆልማማ ቢላዋ እንዲህ ይቆርጣል።

ሽለምጥማጥ ቢላዋ ይይዛል እንዴ?

ማን? ማን ይጠላኛል? የቀለድኩባቸውን ልቁጠር ብል መንደሩ አያልቅም...

ኦክቶበር 28

ቦጎሚር ጋ ሄድኩ። ሌላ ማን ካትራን ያውቃታል? በሩን ሳላንኳኳ ገባሁ።

"አንተ ነህ የቆረጥከው።"

አልተቆጣም። መሳቢያውን ከፍቶ ያንን አሮጌ ላስቲክ አወጣና ጠረጴዛው ላይ አኖረው። ዳሰስሁት። ያው ቀጥ ያለ ቁርጥ፣ ያው መታጠፊያ።

"መጀመሪያም እንዲህ ነበር?"

"እንዲህ ነበር።"

"ለምን አልነገርከኝም?"

"ሰው የራሱን ቤት ቢላዋ ቢጠይቅ ይሻላል ብዬ" አለኝ። "ሂድ፣ ወዳጄ። ግን ቀስ ብለህ ጠይቅ።"

የዞፍካ ቅርጫት ጓዳ ውስጥ ነው። ቢላዋዋን አሸተትሁት። ግራሶ። ሰማንያ ሊሞላኝ ጥቂት የቀረኝ ሰው የሚስቴን ቢላዋ እያሸተትሁ ጓዳ ቆሜ... ገባች።

"አገኘኸው?" አለች። እንደጠፋ መነጽር።

"ዞፍካዬ፣ ምን አድርጌሽ ነው?"

ተቀመጠች። ፋሻውን ፈታችው። እጇ እስከ ክርኗ ድረስ ቢጫና ሰማያዊ ነው።

"መሰላል አልነበረም" አለች።

ወይን ለቀማው ያለቀ ቀን ነው። ባልዲዋን ይዛ በመንገዱ ዳር ትወርዳለች። እኔ ከኋላዋ በካትራ እመጣለሁ። እየዘፈንሁ ነበር፤ ትዝ ይለኛል። ጫፍ ላይ ነበረች፣ ሣሩ ላይ። የቀኝ መስታወቴ እጇን መታት። ቦዩ ውስጥ ወደቀች። ባልዲው ተንከባለለ። እኔ... ዘፈኑን አልቆረጥሁም። አልፌያት ሄድሁ።

"መስታወቱ ሲሰበር የወይን እንጨት ነው ብዬ..."

"አውቃለሁ። ማታ ቦጎሚር ነው አልክ።"

"ለምን አልነገርሽኝም?"

"ብነግርህ ለማርቲን በዓል ስብከት ታደርገው ነበር።"

"ስለ መሰላል" የሚለው ርዕስ ጠረጴዛዬ ላይ ተጽፎ ነበር።

"ዓይንህን ታየው ባልሁህ ቁጥር ቀለድህብኝ። ኔዣ ስትለምንህ ቀለድህባት። 'ይህች ላስቲክ ከተቀደደች ካትራ ትቆማለች፣ ሰው ግን አትገድልም' ያልከኝ ራስህ ነህ። ፍሬኗን ብነካ ትሞትብኛለህ። እንድትቆም ነው የፈለግሁት። እኔስ ተነሳሁ። በእኔ ቦታ የፖስተኛዋ ትንሽ ልጅ ብትሆንስ?"

የካትራን ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥሁ። እጄ ለመልቀቅ ጊዜ ወሰደበት።

ኦክቶበር 29

አልቀለድሁም። ዶሮዎቹ እንኳ ግራ ገብቷቸዋል።

ኖቬምበር 1፣ የቅዱሳን ሁሉ ቀን

ከዞፍካ ጋር በእግር ወደ መቃብሩ ሄድን። ዘንድሮ የገባነው በታችኛው በር ነው። አበባውን አኖርሁ፣ ሻማውን ለኮስሁ፣ ተንበርክኬ ለእናቴ ጸለይሁ። ሁሉን ነገር ነገርኋት። የዞፍካን እጅ ነገርኋት። አለቀስሁም መሰለኝ።

ዞፍካ እስክጨርስ ጠበቀችኝ። ከዚያ ክንዴን ይዛ ወደሚቀጥለው መቃብር ወሰደችኝ።

"እናትህ እዚህ ናት" አለች ቀስ ብላ።

የለኮስሁት ለአሮጊቷ ቴሬዚያ ነው። በአንዲት ዶሮ ተጣልተው እናቴን እስክትሞት ላላናገረቻት ቴሬዚያ። ስሟ በትልልቅ ፊደል ተቀርጿል። ፊቴን አስጠግቼ፣ አፍንጫዬ ድንጋዩን ሊነካ ሲል ነው ያነበብሁት።

ስንቱን ሰው ነው እንዲህ ሳላይ ያለፍሁት?

ሻማውን አላነሳሁትም። ይታረቁበት።

ኖቬምበር 5

ዶክተሯ ወጣት ናት። ግድግዳው ላይ ያሉትን ፊደሎች ያንብቡ አለችኝ። "የትኛው ግድግዳ?" አልኋት። እንደ ቀልድ ነበር የጀመርሁት። እንደ ቀልድ አልጨረስሁትም።

የዓይን ሞራ። ሁለቱም። በቀዶ ጥገና ይወጣል፣ ይድናል፣ ግን ወረፋ አለው።

"እስከዚያ መኪና እንዳይነዱ።"

"ሚስቴ ቀድማሻለች" አልኋት።

ኖቬምበር 8፣ ቅዳሜ

ሁለተኛ ላስቲክ። ሻጩ "ደግሞ ሽለምጥማጥ?" ሲል "ደግሞ" አልሁት። የቤቴን ገበና ለነጋዴ አልነግር።

ቦጎሚር ከታች፣ እኔ በጣቴ እየዳሰስሁ፣ ዞፍካ ኢምቡቶውን በደህና እጇ ይዛ። ድስቷን ራሷ አመጣችው። ላስቲኩ ሲገባ እሷ ናት "ገባ" ያለችው።

"ሦስተኛ ቢቆረጥ እኔ የለሁበትም" አለ ቦጎሚር።

"እንደ ጠባዩ ነው" አለች ዞፍካ። ወደ እኔ እያየች።

ቁልፉን ለኔዣ ሰጠሁ። ማርሿን ስታስገባ ካትራ ጮኸች። እኔም።

ኖቬምበር 11፣ የማርቲን ቀን

ዳገቱን ወጣን። ኔዣ ትነዳለች፣ ዞፍካ ከኋላ፣ እኔ በቀኝ ወንበር፣ ቆቤ ጣሪያው ጋ ተጣጥፎ። ዕድሜዬን ሙሉ ከዚያ ወንበር ተቀምጬ አላውቅም። ሣሩ፣ ቦዩ፣ የመንገዱ ዳር... ሁሉም በዚያ በኩል ነው። እንዲህ ቅርብ ነው እንዴ? ሙሉ መንገድ ያን ጠርዝ ሳይ ሄድሁ። አጠገቤ አዲስ መስታወት አለ። ኔዣ ናት ያስገጠመችው።

በርሜሉ ፊት ቆምሁ። ጉሹን ባረክሁ። ሰዎቹ ይጠብቃሉ። "የመሰላሉን ንገረን፣ ጳጳሳችን" አለ አንዱ ከኋላ። ዞፍካ እጇን ካፖርቷ ውስጥ ከተተች።

"መሰላል አልነበረም" አልሁ። "ሚስቴን በመኪና የገጨኋት እኔ ነኝ። ገጭቼም እየዘፈንሁ ሄጃለሁ።"

ቀልዱ የቱ ጋ እንደሚመጣ ይጠብቁ ነበር። አልመጣም። ብርጭቆዬን ወደ እሷ አነሳሁ። ከእሷ ጽዋ ጋር ላጋጨው ስል ሳትሁት፤ ግማሹ ወይን ጠጅ ልብሴ ላይ ፈሰሰ።

"ጽዋው ያለው እዚህ ነው፣ አንተ ሰውዬ" አለች ዞፍካ። "እሱንም አታየውም?"

ያኔ ሳቀች። ከዚያ ሁሉም ሳቁ። ስንት ጊዜ ሆኗት ከሳቀች።

ስንመለስ በታጠፍን ቁጥር ጆሮዬን ጣልሁ። ካትራ ዝም ብላለች።

አሁን ጳጳሱ ራሱ ይናዘዝ። እዚህ ከጻፍሁት ሁሉ አንድ ነገር ፈጠራ ነው። ሽለምጥማጡ። በሩ ላይ ቆሜ እስከ ግንቡ ድረስ ማየት ካቆምሁ ቆየሁ፤ ለራሴም አልነገርሁትም ነበር። በምሽቱ ከካትራ ስር ጎንበስ ብሎ ሲወጣ ያየሁት አንድ ነጭ ነገር ብቻ ነው። ጅራቱን፣ ዓይኖቹን፣ ንቀቱን እኔ ጨመርኋቸው።

ነጩ የዞፍካ ፋሻ ነበር።